ደብተራው ይቆይ፣ ብራናው ይታረም

የዛሬው ደብዳቤ «የመሪጌታው ልጅ» በሚል ስም ከጎንደር የደረሰን ነው። ጠያቂያችን የ27 ዓመት የሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት መምህርት ሲሆኑ፣ ከልጅነታቸው ጀምሮ በአጥቢያቸው ሰንበት ትምህርት ቤት በኪነ ጥበብ ክፍል ያገለግላሉ። አሁን አንድ ረጅም ልብ ወለድ ጽፈው ጨርሰዋል። የታሪኩ ዋና ሰው ከቆሎ ተማሪነት ተነሥቶ ደብተራ የሚሆን፣ ለገንዘብ ሲል ክታብ የሚጽፍ፣ ኋላም ባለትዳር ሴት ወድዶ የሚወድቅ ሰው ነው። በመጽሐፉ ሁለተኛ አጋማሽ ደግሞ የአገሪቱን መጪ ዘመን የሚተነብይ ጥንታዊ ብራና ከአንድ የዋሻ ገዳም ይገኛል። አባታቸው የመጀመሪያዎቹ ሦስት ምዕራፎች ሲነበቡላቸው ሰምተው «ይህ ውሸት ነው፤ ስሜ እንዳይገባበት» ብለዋል። የሰንበት ትምህርት ቤቱ ኃላፊዎች የደብተራው ታሪክ ቤተ ክርስቲያንን ያሰድባል ብለው እንዲወጣ ጠይቀዋል። አዲስ አበባ ያለ አንድ የመጽሐፍ አከፋፋይ በበኩሉ ደብተራው አሰልቺ ስለሆነ እንዲያጥር፣ ብራናው እንዲሰፋ፣ በሽፋኑም ላይ «በእውነተኛ ታሪክ ላይ የተመሠረተ» የሚል ቃል እንዲታከል ይፈልጋል። ጠያቂያችን ከልብ ወለዳቸው አምስት ምዕራፎች አያይዘው «መጻፌ ኃጢአት ነው ወይ? የማንንስ ቃል ልስማ?» ይላሉ።

ውድ የመሪጌታው ልጅ፣

መጻፍዎ ኃጢአት ስለ መሆኑና አለመሆኑ ብይን መስጠት የንስሐ አባትዎ ድርሻ እንጂ የዓምድ ጸሐፊ ድርሻ አይደለም። ያንን ለእርሳቸው ትቼ፣ ስለ መጽሐፉና መጽሐፉ ስለሚገባበት ኅብረተሰብ የማውቀውን ልጻፍልዎ። አባትዎም፣ የሰንበት ትምህርት ቤቱ ኃላፊዎችም፣ አከፋፋዩም በየራሳቸው ምክንያት የተነሡት በደብተራው ላይ ነው፤ እርስዎም በደብዳቤዎ ገጽ በገጽ የተሟገቱለት ለእርሱ ነው፤ ስለ ብራናው ግን ከሁለት መስመር በላይ አልጻፉም። እኔ ካነበብሁት ተነሥቼ የምመክርዎ ደብተራው እንዳለ እንዲቆይ፣ ብራናው ግን እንዲታረም ነው።

ከኃላፊዎቹ ቅሬታ ልጀምር። የቤተ ክርስቲያን አገልጋይ ሲወድቅ ማሳየት ቤተ ክርስቲያንን ማሰደብ ነው የሚለው ፍርሃታቸው ከክፋት የመጣ አይመስለኝም፤ ካህንን ማቃለል ለአንዳንድ ጸሐፊ ቀላል የገበያ መንገድ ሆኗልና። ይሁን እንጂ እነዚሁ ኃላፊዎች የካቲት 16 ቀን በኪዳነ ምሕረት በዓል የሚሰሙትን የበላዔ ሰብእን ታሪክ ያስታውሱ። ቤተሰቡን ሳይቀር 78 ሰው የበላ ሰው ነው። በውኃ ጥም የተቃጠለ ለምጻም በእግዚአብሔር ስም ቢለምነው እምቢ ብሎ፣ በእመቤታችን ስም ሲለምነው ግን ጥርኝ ውኃ ይሰጠዋል፤ ያቺም ጥርኝ ውኃ በፍርድ ቀን ሚዛን ትደፋለታለች። አባትዎ ይህን ልብ ወለድ አይሉትም፣ እኔም አልልም። ላሳይዎት የፈለግሁት ተራኪው የሰውየውን በደል ለመሸፈን አንዳች እንዳልደከመ ነው፤ በደሉ ቢያንስ ኖሮ የውኃዋም ዋጋ ባነሰ ነበር። የእርስዎ ደብተራ ውድቀት ለማስደንገጥ ብቻ የገባ ቢሆን ኃላፊዎቹ ባይጠይቁም እንዲያወጡት እመክር ነበር። ያነበብሁት ግን እንዲያ አይደለም፤ ሰውየው ያለዚያ ውድቀት ሰው አይሆንም።

ደግሞስ ለአማርኛ አንባቢ የፍቅር ወጥመድ ውስጥ የገባ የቤተ ክርስቲያን ተማሪ እንግዳ ነው? በ1958 ዓ.ም. በታተመው በሐዲስ ዓለማየሁ ፍቅር እስከ መቃብር ውስጥ በዛብህ በወላጆቹ ስዕለት ለቤተ ክርስቲያን የተሰጠ ሰው ነው፤ በስዕለቱና በሚወዳት በሰብለ ወንጌል መካከል የገባበት ጭንቅ መጽሐፉን ተሸክሞታል። በወጋየሁ ንጋቱ ድምፅ በሬዲዮ ሲተረክ ስንቱ ቤተሰብ ከብቦ ሰምቶታል፤ በዚህ ምክንያት ቤተ ክርስቲያንን የተወ ሰው ግን እኔ አላጋጠመኝም። ከዚያ ቀደም ብሎም ብላቴን ጌታ ኅሩይ ወልደ ሥላሴ በ1925 ዓ.ም. ባሳተሙት አዲስ ዓለም፣ ፓሪስ ተምሮ የተመለሰ ወጣት በአባቱ ተዝካር ድግስ ምክንያት ከዘመዶቹና ከካህናቱ ጋር ሲጋጭ አሳይተዋል። ነቀፋው ቀላል አልነበረም። የሁለቱም ደራሲዎች ትምህርት የተጀመረው በቤተ ክርስቲያን ነው፤ የቤቱን ጓዳ ያውቁታል። አንባቢ ከውስጥ የተሰነዘረን ነቀፋ በመንገድ አላፊ ከተወረወረ ድንጋይ ለይቶ ያውቃል።

እርስዎም ጓዳውን እንደሚያውቁ ምዕራፍ ሁለት ይመሰክራል። ልጁ ደበሎውን ለብሶ፣ አኩፋዳውን አንግቶ፣ «በእንተ ስማ ለማርያም» እያለ በየደጁ ሲዞር ውሻ ያባርረዋል፤ የለመነው እንጀራ ጭቃ ላይ ይወድቃል፤ ዙሪያውን አይቶ፣ ሰው አለመኖሩን ካረጋገጠ በኋላ አንሥቶ ያራግፈውና መልሶ ይከተዋል። ሰው አለመኖሩን ማረጋገጡ ነው ገጹን ያቆመው፤ ኋላ የሚመጣው የገንዘብ ፍቅሩም ከዚያ ኀፍረት እንደሚበቅል አንባቢ ይገባዋል። ነገር ግን ገጹን እንደገለበጥሁ ይኸው ልጅ ቅኔ ቤት በገባ በሳምንቱ መወድስ ሲቀኝ አገኘሁት! ባለ ሁለት ቤት ከሆነው ጉባኤ ቃና የሚጀምር ጀማሪ ተማሪ በደረጃ ወጥቶ ባለ ስምንት ቤቱ መወድስ ላይ የሚደርሰው ስንት ቆጠራና ስንት ነገራ ካለፈ በኋላ እንደ ሆነ ከእኔ ይልቅ አባትዎ ያውቃሉ። ምናልባትም «ይህ ውሸት ነው» ሲሉ የተቆጡት በልብ ወለድነቱ ሳይሆን በዚህ ሊሆን ይችላልና ይጠይቋቸው። አንድ መሪጌታ ዕድሜ ልኩን የደከመበት ትምህርት በሳምንት ሲያልቅ ሰምቶ ዝም ይበል ማለት ይከብዳል።

አባትዎ ተቃውሞአቸው በእርግጥም ያልተፈጸመን ነገር እንደ ተፈጸመ አድርጎ በመተረክ ላይ ከሆነ፣ ክርክር ከመክፈት ይልቅ ከኢየሩሳሌም ወደ ኢያሪኮ ሲወርድ ወንበዴዎች ስለደበደቡት ሰው ያንሡላቸው። ስሙንና አገሩን አጣርቶ ያስተማረን የለም፤ ምሳሌ መሆኑን ሁላችንም እናውቃለን። ሌላም አለ። ከየመን የመጡትና የደብረ ሊባኖስ እጨጌ፣ ማለትም የገዳሙ አለቃ፣ የሆኑት አባ ዕንባቆም በዐፄ ገላውዴዎስ ዘመን የበርለዓምንና የይዋስፍን ታሪክ ከዐረብኛ ወደ ግእዝ መልሰውታል። ከአውሬ ሲሸሽ ጉድጓድ ውስጥ ወድቆ ከቅርንጫፍ ላይ የተንጠለጠለ ሰው፣ ነጭና ጥቁር አይጦች ቅርንጫፉን እየቀረጠፉት እርሱ የምትንጠባጠበውን ማር ሲልስ የሚታይበት ምሳሌ የዚያ መጽሐፍ ነው። የታሪኩ ምንጭ ወደ ኋላ ሲቆጠር ሕንድ ውስጥ የቡድሃ የሕይወት ታሪክ ላይ ይደርሳል። አበው የባዕድ ታሪክ ተቀብለው ክርስቲያናዊ ትምህርት ሲያስተምሩበት አላፈሩም። (ይህን የመጨረሻውን ለሰንበት ትምህርት ቤቱ ኃላፊዎች ሲናገሩ ግን ቀስ ብለው ይናገሩ።)

በደብተራው ታሪክ ውስጥ እንዲቀነስ የምጠይቅዎ አንድ ነገር ብቻ ነው። ምዕራፍ ሰባት ላይ ሰውየው የሚጽፈውን ክታብ ቃል በቃል፣ ከነአስማቱና ከነአዘገጃጀቱ አስፍረዋል። ቤተ ክርስቲያን ራሷ የምታወግዘውን ነገር በገጸ ባሕርይ እጅ ማሳየት ነውር የለበትም። ሙሉውን መስጠት ግን ታሪኩን አይረዳም፤ የታመመ ልጅ ያላት እናት አንብባ ልትገለብጠው ትችላለች። እጁ ሲንቀጠቀጥ፣ ቀለሙ ሲፈስስ፣ ገንዘቡን ሳይቆጥር ሲቀበል ማየታችን ይበቃል።

አሁን ወደ ብራናው ልምጣ። ገዳምን፣ የተሰወረ ቅርስን፣ ምስጢራዊ ማኅበርንና ስለላን የሚያዋሕድ ልብ ወለድ በአገራችን ሰፊ አንባቢ አለው፤ በተለይ የይስማዕከ ወርቁ ዴርቶጋዳ በ2001 ዓ.ም. ወጥቶ የጣናን ገዳማት የእንዲህ ያለ ታሪክ መድረክ ካደረገ ወዲህ መንገዱን የተከተሉት ብዙ ናቸው። ይህን ዓይነት መጽሐፍ ከሚንቁት ወገን አይደለሁም። ከትምህርት ቤት መጽሐፍ በቀር አንብቦ የማያውቅ ወጣት መጽሐፍ ተዋውሶና ተከራይቶ ሲያነብ ያየሁት በእነዚህ ነው፤ ገዳም ሄዶ የማያውቀውም ገዳም ለመሄድ የተነሣሣው በእነዚህ ነው። ችግሬ ከዘውጉ ጋር አይደለም፣ አከፋፋይዎ በሽፋኑ ላይ ሊያክል ከፈለገው ቃል ጋር ነው። «በእውነተኛ ታሪክ ላይ የተመሠረተ» ብሎ ሲያነብ አንባቢው እውነት ነው ብሎ የሚይዘው የደብተራውን ፍቅር አይደለም፤ ያ ቢሆንም ባይሆንም ግድ የለውም። የሚይዘው ትንቢቱን ነው። እርስዎ ደግሞ ለትንቢቱ ግእዝ ጽፈውለታል፣ አንድምታ ሰጥተውታል፣ የተጻፈበትን ንጉሥ ዘመንና የጸሐፊውን መነኩሴ ስም አስገብተዋል። አንድ ሰው ያንን ገጽ ብቻ በስልኩ ፎቶ አንሥቶ ቢያሰራጨው፣ የልብ ወለድ ገጽ መሆኑን የሚያሳይ አንዳች ምልክት አይገኝበትም። ይባስ ብሎ ክፉው ወገን «ከደቡብ የሚወጣ ሕዝብ» ተብሏል። በዛሬው ሁኔታችን ያንን ቃል ማን በማን ላይ እንደሚያነበው ለመገመት ነቢይ መሆን አያሻም።

ትንቢት በአገራችን ዋዛ ሆኖ አያውቅም። ፍካሬ ኢየሱስ የተባለው የትንቢት መጽሐፍ ከመከራ ዘመን በኋላ ቴዎድሮስ የሚባል ጻድቅ ንጉሥ እንደሚነሣ ይናገራል፤ ካሳ ኃይሉም በየካቲት 1847 ዓ.ም. ከጎንደርዎ ብዙም በማይርቀው በደረስጌ ማርያም ሲነግሡ ለዙፋናቸው የመረጡት ስም ይኸው ነበር። እንግሊዞች ከመቅደላ ዘርፈው ከወሰዷቸው መጻሕፍት መካከል ክብረ ነገሥት ይገኝበታል፤ ዐፄ ዮሐንስ አራተኛ በ1864 ዓ.ም. እንዲመለስላቸው ወደ እንግሊዝ ሲጽፉ ያቀረቡት ምክንያት ያለ እርሱ ሕዝባቸው እንደማይታዘዝላቸው ነው፤ መጽሐፉም ተመልሶላቸዋል። የ1948ቱ የተሻሻለው ሕገ መንግሥትም የንጉሠ ነገሥቱን የዘር ሐረግ ከንግሥተ ሳባና ከንጉሥ ሰሎሞን ልጅ ከቀዳማዊ ምኒልክ ሲመዝዝ፣ የዚያ መጽሐፍ ታሪክ የሕግ አንቀጽ ሆነ። ሕዝቡ የብራናን ቃል በዚህ ክብር ሲቀበል የኖረው ሞኝ ስለሆነ አይደለም፤ የጻፉትና የጠበቁት አባቶች እንዲታመኑ ሆነው ስለኖሩ ነው። የእርስዎ ልብ ወለድ ብራና የሚበደረው ይህንን እምነት ነው። ደብተራዎ ቢሰርቅ የራሱን ስም ነው የሚያጠፋው፤ የሐሰት ብራና ግን እውነተኛዎቹን ሁሉ ያስጠረጥራል።

ብራናው ይውጣ አላልሁም፣ ይታረም ነው ያልሁት፤ እንዴት ሊታረም እንደሚችል የታየኝን ልንገርዎ። በገዳማቱ ያሉትን እውነተኛ መጻሕፍት ያገላበጠ ሰው ከዋናው ጽሑፍ ይልቅ ዳርቻው ላይ ብዙ ጉድ ያገኛል። የርስት ስጦታ፣ የድንበር ክርክር፣ የምስክሮች ስም፣ የንዋያተ ቅድሳት ቆጠራ በባዶ ገጾችና በኅዳጎች ላይ ተጽፎ ይገኛል፤ በመጨረሻም «ዘሰረቆ ወዘፈሐቆ በሥልጣነ ጴጥሮስ ወጳውሎስ ውጉዘ ይኩን» የሚለው ግዝት ይከተላል። የሰረቀውና የፋቀው እኩል የተወገዙ መሆናቸውን ልብ ይበሉ። ቢላዋና ቀለም የያዘ፣ ጽሕፈት የሚያውቅ፣ ገንዘብ የሚወድ ደብተራ አለዎት፤ ከአንድ የርስት ጽሑፍ ላይ አንድ ስም ፍቆ ሌላ ስም እንዲጽፍ ቢከፈለው፣ ከዚያ በታች ያለውን ግዝት ደግሞ በሚገባ ማንበብ የሚችል ሰው ቢሆን፣ የመጽሐፍዎ ሁለት አጋማሾች አንድ ታሪክ ይሆናሉ። አሁን ባለበት ሁኔታ ብራናው ሲገኝ ደብተራው ከታሪኩ ይጠፋል፤ አከፋፋዩ አሰለቸኝ ያለው ይህን ሳይሆን አይቀርም። እውነተኛውን ምንጭ ለማየት ከፈለጉም ከ1960ዎቹ አጋማሽ ጀምሮ በየአድባራቱና በየገዳማቱ በማይክሮፊልም የተነሡ፣ ፕሮፌሰር ጌታቸው ኃይሌ በአሜሪካ ሚኒሶታ ሆነው ለብዙ ዓመታት በዝርዝር የመዘገቧቸው በሺህ የሚቆጠሩ የብራና መጻሕፍት አሉ፤ ብዙዎቹን ዛሬ በኢንተርኔት ማየት ይቻላል።

አንድ ነገር ላክል፤ የብራናው ሌባ የወሎ ሙስሊም ነጋዴ መሆኑን አየሁ። ለምን? ነጋዴነቱ ለታሪኩ ያስፈልጋል፣ ሙስሊምነቱ ግን አንድም ቦታ ላይ ሥራ ሲሠራ አላየሁም። በ1900 ዓ.ም. ሮም ላይ የታተመው የመጀመሪያው የአማርኛ ልብ ወለድ የአፈወርቅ ገብረ ኢየሱስ ጦቢያ፣ አረመኔው ንጉሥ ክርስትና ተቀብሎ ጦቢያን በማግባቱ ይፈጸማል፤ የዘመኑ አንባቢ ጥቂትና በአብዛኛው አንድ ዓይነት ነበርና መጽሐፉ ያ ፍጻሜ የሚያስከፋው ሰው እጅ አይገባም ነበር። የእርስዎ መጽሐፍ ግን ደሴ ላይ መንዙማ እየሰማች ያደገች፣ አክስቷ ክርስቲያን የሆነች ልጅ እጅ ይገባል። ሌባው ሙስሊም ይሁን ካሉ እንደ ደብተራው ቤት፣ ልጅና ኀፍረት ይስጡት፤ ካልሆነም ሃይማኖቱን ሳይነኩ ይለፉት።

አከፋፋዩን በተመለከተ፣ የሚለውን ሁሉ አይጣሉ። ገበያውን ያውቃል፤ የማሳተሚያውን ወጪም አብሮዎ የሚችለው እርሱ ነው። ነገር ግን ሽፋኑ የመጽሐፉ አካል ነው። የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 ለደራሲ ከኢኮኖሚያዊ መብቱ ሌላ የሞራል መብት ይሰጣል፤ ክብርዎንና ስምዎን የሚጎዳ ለውጥ በሥራዎ ላይ ሲደረግ መቃወም ይችላሉ። ክስ ከማሰብ በፊት ግን በውሉ ላይ የሽፋኑ ጽሑፍና ሥዕል ያለ እርስዎ የጽሑፍ ፈቃድ እንዳይታተም የሚል አንቀጽ ይግባ። በውስጥ ገጹም ላይ «በዚህ ልብ ወለድ የተጠቀሰው ብራናና በውስጡ ያለው ቃል የደራሲዋ ፈጠራ ነው» የሚል አንድ መስመር ይኑር። እምቢ ካለ ሌላ አከፋፋይ ይፈልጉ፤ መጽሐፉ ጥቂት ወራት ቢዘገይ የሚበላሽ ነገር የለም።

የቀረው የአባትዎ ቃል ነው። «ስሜ እንዳይገባበት» ማለታቸውን እንደ ቁጣ ብቻ አይውሰዱት። በእኛ ልማድ የእርስዎ ስም ከእርሳቸው ስም ተነጥሎ አይጻፍም፤ በሽፋኑ ላይ ስምዎ ሲታተም የአባትዎም ስም አብሮ ይታተማል፤ ደብሩ ውስጥም ሰው የሚጠይቀው እርስዎን ሳይሆን እርሳቸውን ነው። ስለዚህ የመጠየቅ መብት አላቸው፤ የመጻፍ መብትዎን ግን አይነጥቅም። ምዕራፍ ሁለትን አርመው፣ የቅኔውን ደረጃ እንዲያስተካክሉልዎ ለምነው፣ ቀሪውን እስከ ፍጻሜው ይስሙልዎት፤ ሦስት ምዕራፍ የሰማ ሰው ያወቀው የደብተራውን ውድቀት እንጂ መጨረሻውን አይደለምና። ብቻዎን ከከበደዎ የንስሐ አባትዎ በመካከል ይቀመጡ፤ እግረ መንገድዎንም የኃጢአቱን ጥያቄ በዚያው ይጠይቋቸዋል። እስከ መጨረሻው ሰምተውም ካልፈቀዱ የብዕር ስም ይያዙ፤ በአማርኛ ሥነ ጽሑፍ ነውር አይደለም። ከአከፋፋዩ ጋር የሚዋዋሉበትን ወረቀት ግን በመታወቂያዎ ላይ ባለው ስም ይፈርሙ፣ የብዕር ስምዎም የእርስዎ መሆኑ በውሉ ውስጥ ይጻፍ።